ኮርቻ ላይ ሆኖ ፊልም መሥራት ይቻላል፦ ለአንድ ጽሑፍ የተሰጠ ምላሽ

«በኮርቻ ላይ ፊልም አይሠራም» የሚለው ጽሑፍ ባለፈው ሳምንት በሁለት ቀን ውስጥ ከስድስት ሰዎች ደረሰኝ። ከላኪዎቹ አንዱ አጎቴ ናቸው፤ ከሥሩ «አንተን መሰለኝ የሚሉት» ብለው ጨምረውበታል። ጸሐፊው እኔን አያውቁኝም። አጎቴ ግን የተሳሳቱ አይመስለኝም፤ ጽሑፉ የተጻፈው ስልክና ብስክሌት ይዘው «ዘጋቢ ፊልም እየሠራን ነው» ለሚሉ ሰዎች ነው፤ እኔም ከእነርሱ አንዱ ነኝ።

ጸሐፊው ለብዙ ዓመታት በቴሌቪዥን ሥራ ከካሜራ ጀርባ መቆየታቸውን ይነግሩናል፤ አጻጻፋቸውም ሙያውን እንደሚያውቁ ይመሰክራል። እኔ ሐዋሳ ውስጥ የሠርግ ቪዲዮ እየቀረጽኩ የምተዳደር ሰው ነኝ። ባለፈው ዓመት ኅዳር ላይ የሠርጉ ወቅት ቀዝቀዝ ሲል ከሐዋሳ ተነሥቼ በሻሸመኔ፣ በሀላባ ቁሊቶ፣ በሾኔ፣ በቦዲቲና በወላይታ ሶዶ በኩል አርባ ምንጭ ድረስ ወደ 280 ኪሎ ሜትር በብስክሌት ሄድኩ፤ እየሄድኩም ቀረጽኩ። አምስት ቀን ፈጀብኝ። ከካይሮ ኬፕ ታውን ለሚነዱት ይህ ማሟሟቂያ እንኳ አይሆንም፤ ለእኔ ግን ጉልበቴ እስኪርድ ድረስ ረጅም ነበር።

መልስ ከመስጠቴ በፊት የጽሑፉን ሐሳብ ሳላጣምም ላስቀምጥ። ጸሐፊው ደህና ካሜራና ድሮን ከሌለ ይህን ዓይነት ፊልም መሞከር ከንቱ ድካም ነው ይላሉ። እየነዱ መቅረጽ ሁለቱንም ሥራ ማበላሸት ስለሆነ፣ ቀራጭ የጫነ መኪና ብስክሌተኛውን መከተል አለበት ይላሉ። ብቻውን የሚጓዝ ሰው ካሜራውን መንገድ ዳር አቁሞ፣ ወደ ኋላ ተመልሶ፣ እንደገና በካሜራው ፊት ማለፉን «ተመልካችን ማታለል» ይሉታል። የብስክሌት ጉዞ ፔዳል፣ ድንኳንና የፀሐይ መጥለቅ እንጂ ታሪክ የለውም፤ ስለዚህ አዘጋጁ ለተጓዡ ፈተና መፍጠር አለበት ይላሉ። ነገሩ የፈረንጅ መዝናኛ በመሆኑ የአገራችን ሰው አያየውም፤ ፈረንጆቹ የሠሯቸውም ድንጋይ የሚወረውሩ ልጆችን እያሳዩ ገጽታችንን አጉድፈዋል ይላሉ። በመጨረሻ ገንዘቡ ከየት ይመጣል ብለው ይጠይቁና «እስቲ ያለቀ ፊልም አምጡ» ብለው ይዘጋሉ።

ከዕቃው ልጀምር፤ እዚህ ላይ ግማሹን እቀበላለሁ። ስልክ ከመሸ በኋላ አይረባም። በኩራዝና በጭላንጭል የቀረጽኩት ሁሉ አፈር የተነሰነሰበት ይመስላል። ሁለተኛው ጠላት ነፋስ ነው። በሰዓት 20 ኪሎ ሜትር ስንነዳ፣ ቅጠል የማይነቃነቅበት ቀን ቢሆን እንኳ፣ ማይክሮፎኑ በሰዓት 20 ኪሎ ሜትር የሚነፍስ ነፋስ ይሰማል። ከሐዋሳ እስከ ሻሸመኔ ያወራሁትን ሁሉ ይኸው ነፋስ በልቶታል። ሻሸመኔ ላይ አንዲት ቁራጭ አጎዛ ለምኜ ለማይክሮፎኑ ቆብ ሰፋሁለት፤ ከዚያ ወዲህ ድምፁ የሰው ድምፅ ሆነ። ፀጉሩ ነፋሱን ማይክሮፎኑ ጋ ከመድረሱ በፊት ይሰባብረዋል። በውድ ዋጋ የሚሸጠው ባለፀጉር የማይክሮፎን ሽፋንም ሥራው ይኸው ነው፤ ልዩነቱ የእኔ የበግ ሽታ ያለው መሆኑ ነው።

«ከ4ኬ በታች አትቅረጹ» ለሚለው ምክር ግን ሒሳብ እናስላ፤ 4ኬ ከተለመደው ኤችዲ ምስል በጣም የጠራው ነው። በሴኮንድ 100 ሜጋቢት የሚጽፍ ካሜራ (ስምንት ቢት አንድ ባይት ነው) በአንድ ሰዓት 45 ጊጋባይት ይበላል። 128 ጊጋባይት የሚይዝ ካርድ ሦስት ሰዓት ሳይሞላው ያልቃል። ከዚያ በኋላ ኮምፒውተር፣ ተጨማሪ ዲስክ፣ መብራት ያለበት ክፍል ያስፈልጋል፤ ይህን ሁሉ ተሸክሞ ዳገት የሚወጣው ደግሞ እግር ነው። እኔ በኤችዲ፣ በሴኮንድ 20 ሜጋቢት ቀረጽኩ፤ ያው ካርድ 14 ሰዓት ያህል ያዘልኝ። ምስሉ የሲኒማ ቤት ምስል አይደለም። ሰው ሲናገር ግን ፊቱ ይታያል።

ድሮንን በተመለከተ፣ የመንግሥት ፈቃድ የሚጠይቅ ዕቃ መሆኑን ጸሐፊው ከእኔ የበለጠ ያውቃሉ። ፈቃዱ ቢገኝ እንኳ ድሮን ለብስክሌት ፊልም የማይሆንበት አንድ ምክንያት አለ፤ ዳገትን ያጠፋል። ከላይ ወደ ታች ሲታይ ሽቅቡም ቁልቁሉም አንድ ሜዳ ነው። ወደ ሶዶ የሚያስወጣውን መንገድ፣ የዳሞታ ተራራ ከፊት ቆሞ እያየኝ አንድ ሰዓት ሙሉ በእግሬ እየገፋሁ የወጣሁትን፣ ድሮን ቢቀርጸው ሰው ገበያ የሚሄድ ይመስል ነበር። ስልኩን መሬት ላይ አስተኝቼ ከታች ወደ ላይ ስቀርጸው ግን መንገዱ እንደ ግድግዳ ቆመ። አባያ ሐይቅን ከሰማይ ማየት እንደሚያምር አልክድም፤ ያንን እወደው ነበር።

ዋናው ክርክራችን መኪናው ላይ ነው። ጸሐፊው «ተከታይ መኪና የሌለው የብስክሌት ፊልም የራስ ፎቶ ነው» ብለዋል። አባባሉ ጥሩ ነው፤ እኔም ስቄበታለሁ። ነገር ግን አንድ ሰው በሁለቱም መንገድ ሄዶ አይተናል። ስኮትላንዳዊው ማርክ ቦሞንት እ.ኤ.አ. በ2007 ከፓሪስ ተነሥቶ በ2008 እዚያው ሲመለስ ዓለምን በ194 ቀናት ዞሯል። ተከታይ መኪና አልነበረውም፤ ካሜራውን ራሱ ይዞ ራሱን እየቀረጸ ነው የሄደው፤ ቢቢሲም ጉዞውን በተከታታይ ዘጋቢ ፊልም አቅርቦታል። በ2017 ደግሞ ደጋፊ ቡድን በመኪና አስከትሎ 79 ቀን ሳይሞላ ዞረ። በቀን 16 ሰዓት ያህል ኮርቻ ላይ ነበር። ሰዓት ለሚሽቀዳደም ሰው መኪና የግድ ነው፤ መንገድ ዳር ቁጭ ብሎ ቡና እስኪፈላ የሚጠብቅበት ጊዜ የለውም። ስለዚህ መኪናው የሚያስፈልገው ለብስክሌት ፊልም ሳይሆን ለአንድ ዓይነት የብስክሌት ፊልም ነው፤ ጸሐፊው ሁለቱን አንድ አድርገዋቸዋል።

መኪና ምን እንደሚያበላሽ በዓይኔ ያየሁት ከዚህ ጉዞ በፊት ነው። ከጥቂት ዓመታት በፊት ከሻሸመኔ እስከ ባቱ የሚነዱ ብስክሌተኞችን እንድቀርጽ ተቀጥሬ ፒካፕ ጀርባ ላይ ተቀምጬ ሄጄ ነበር። ምስሉ አይወቀስም። መንደር በደረስን ቁጥር ግን ቀድማ የምትገባው መኪናዋ ናት። ካሜራ የጫነች ነጭ ፒካፕ ገጠር ስትገባ ሰው ምን እንደሚያስብ በዚህ አገር ያደገ ሁሉ ያውቃል፦ ወይ እርዳታ ናት፣ ወይ ምዝገባ ናት፣ ወይ ከወረዳ ናት። ብስክሌተኞቹ በላብ ተጠምቀው ሲደርሱ ሽማግሌዎቹ ጋቢያቸውን አስተካክለው፣ ልጆቹ ተሰልፈው ይጠብቃሉ። አንድ አባት ማይክሮፎኑን ሳስጠጋላቸው ስለ ብስክሌቱ አንዲት ቃል ሳያነሡ የውኃው ቧንቧ ከተበላሸ ስንት ወር እንደሆነው፣ ለማን ለማን አቤት እንዳሉ በዝርዝር አስረዱኝ። ልክ ነበሩ። በመኪና ለመጣ ሰው የሚነገረው ይኸው ነው፤ ስህተቱ እንደዚያ ሆነን የመጣነው የእኛ ነው።

በብስክሌት ለመጣ ሰው የሚነገረው ሌላ ነው። ሾኔ አቅራቢያ አንድ ዳገት እየገፋሁ ስወጣ እንሰት የሚፍቁ እናት ከሥራቸው ቀና ብለው «ልጄ፣ ምን አጥተህ ነው?» አሉኝ። የመሳፈሪያ አጥተህ ነው ወይ ማለታቸው ነው። «ኧረ ፈልጌ ነው እማማ» አልኩ። ቢላዋውን አስቀምጠው ለረጅም ጊዜ አዩኝና «እናትህ ያውቃሉ?» ብለው ጠየቁ። ይህ ጥያቄ፣ ቃሉ ትንሽ ትንሽ እየተለየ፣ በቀረጻዬ ውስጥ በአራት ሰዎች አፍ ይሰማል። እኔ አንዱንም አልጠየቅኩም፤ ጠያቂዎቹ እነርሱ ናቸው፤ መላሽ እኔ ነኝ። ሃያ ጊዜ ቃለ መጠይቅ ባደርግ ይህን አላገኝም።

ቦዲቲ ላይ ደግሞ የኋላ ጎማዬ ተነፈሰ። ጎሚስታው ከእኔ የሚያንስ ወጣት ነው። የውስጥ ጎማውን መዝዞ አወጣ፣ ነፋስ ሞላው፣ ከዚያ ጥቁር ውኃ ባለበት ግማሽ በርሜል ውስጥ ነክሮ ቀስ እያደረገ ያዞረው ጀመር። እኔ ብስክሌቱን ስለያዝኩ ስልኩን አጠገባችን ለቆመ ልጅ ሰጠሁት። ልጁ የጎሚስታውን ፊት ሲቀርጽ ጎሚስታው ቀና ሳይል «እኔን ምን ታደርገኛለህ፣ ቀዳዳውን ቅረጽ» አለው። ልጁ ታዞ ስልኩን ውኃው ላይ አስጠጋ። ጎማው ዞረ፣ ዞረ፣ ምንም የለም። ከዚያ ከጥቁሩ ውኃ ውስጥ እንደ ሰናፍጭ ፍሬ ያነሱ አረፋዎች በቀጭን መሥመር መውጣት ጀመሩ። ጎሚስታው አውራ ጣቱን አሳረፈባቸው፤ አረፋው ቆመ። ጎማውን ከውጭ በኩል በጣቶቹ ዳብሶ ፀጉር የምታክል ሽቦ ነቀለና ለካሜራው አሳየ። «እሾኽ አይደለም። ከመኪና ጎማ የወጣ ሽቦ ነው። የመኪና ጎማ ሲፈነዳ የሚቸገረው ብስክሌት ነው» አለ። ሰባት ደቂቃ ነው፤ አንድ ቦታ አልቆረጥኩትም። ተከታይ መኪና ቢኖር ኖሮ ሙሉ ትርፍ ጎማ ወርዶ፣ በአራት ደቂቃ ተገጥሞ እንሄድ ነበር፤ ጎሚስታው፣ ልጁና ሽቦዋ ፊልሙ ውስጥ አይኖሩም።

«እየነዱ መቅረጽ ሁለቱንም ማበላሸት ነው» በሚለው ላይ አንድ ነገር እቀበላለሁ፤ እሱም አደገኛነቱን ነው። በመጀመሪያው ቀን በአንድ እጄ ስልክ፣ በአንድ እጄ መሪ ይዤ ስነዳ አንድ የጭነት መኪና በነፋሱ ብቻ ጠርዝ ላይ አወጣኝ። ከዚያ በኋላ ወይ ስልኩ መሪው ላይ ይታሰራል፣ ወይ እኔ እቆማለሁ ብዬ ወሰንኩ። ሥራው ይጣላል የሚለው ግን አይደለም። በእኛ አገር ለቀረጻ ጥሩው ብርሃን ከጠዋቱ 12፡30 እስከ 2፡30፣ ከሰዓት በኋላም ከ10 እስከ 12 ሰዓት ነው። እኩለ ቀን ላይ ፀሐይ ከላይ ትወርድና የሰው ፊት የዓይን ጉድጓድ ብቻ ይሆናል። ብስክሌተኛ የሚነዳውስ መቼ ነው? በእነዚያው ሰዓታት ነው። የሚቀረጸው መንዳቱ እስከሆነ ድረስ ካሜራውና እግሩ በአንድ ሰዓት ይነቃሉ፣ በአንድ ሰዓት ዛፍ ሥር ያርፋሉ። በመኪና የሚዞር የቀረጻ ቡድን ግን፣ እንደማውቀው፣ ሦስት ሰዓት ላይ ቁርስ ይበላል።

አሁን ወደ ሐቀኝነቱ ክስ። አዎ፣ አድርጌዋለሁ። ስልኩን በትንሽ ባለሦስት እግር ማቆሚያ ላይ አቁሜ፣ ሦስት መቶ ሜትር ተመልሼ፣ ምንም እንዳላየሁ ሆኜ በፊቱ አልፌ፣ ከዚያ ደግሞ ስልኬን ላነሣ ተመልሻለሁ። ያቺን ቁራጭ መንገድ ሦስት ጊዜ ረግጫታለሁ። ጸሐፊው «ብቻውን ነው የሚባለውን ሰው ማን ቀረጸው? ተመልካቹ ሳያውቅ ተሸወደ» ይላሉ።

በእኔ ሙያ ይህ ጥያቄ በየቅዳሜው ይነሣል። ሙሽራው ከቤት ሲወጣ አጃቢው ካሜራውን ይጋርደዋል፤ «እባክህ እንደገና ውጣልን» እንለዋለን። ተመልሶ ገብቶ ይወጣል። ሠርጉ ውሸት ሆነ ያለ ሰው እስካሁን አልገጠመኝም። ሰውየው እውነት ሙሽራ ነው፤ ከዚያ ቤት፣ በዚያ ቀን፣ በዚያ በር ወጥቷል። ነገር ግን እናቱ ሲመርቁት ሳያለቅሱ ቀርተው «እማማ፣ እስቲ እንባ ቢጤ» ብል ኖሮ፣ ያኔ ዋሽቻለሁ። መሥመሩ እዚህ ጋ ነው፤ የሆነውን መድገምና ያልሆነውን መፍጠር አንድ አይደሉም። እኔ በዚያ መንገድ በብስክሌት አልፌያለሁ። የደገምኩት ማለፍን ነው።

ክርክሩም የስልክ ዘመን ክርክር አይደለም። ሮበርት ፍላኸርቲ እ.ኤ.አ. በ1922 ስለ ሰሜን ዋልታ አካባቢ ኗሪዎች ያወጣው ፊልም የዘጋቢ ፊልም አባት ከሚባሉት ነው። የበረዶው ጎጆ ውስጡ ለካሜራ ጨለማ ስለሆነበት ግማሹ የተከፈተ ጎጆ አሠርቶ ቤተሰቡን እዚያ ውስጥ ቀረጸ፤ በዘመኑ ጠመንጃ የሚያውቁትን አዳኞችም በድሮው ጦር እንዲያድኑ አደረገ። የመጀመሪያውን ብርሃን ስላስቸገረው ነው ብዬ አልፈዋለሁ፤ ሁለተኛው ስለ ሰዎቹ ሕይወት የተነገረ ሐሰት ነው። መቶ ዓመት ሙሉ ሲከራከሩበት የኖሩት ይህንን ልዩነት ነው እንጂ ካሜራው ማቆሚያ ላይ መቀመጡን አይደለም።

የሚገርመኝ ግን ሌላ ነው። ማለፍን መድገም ማታለል ነው ያሉት ጸሐፊ፣ ሁለት አንቀጽ ወረድ ብለው፣ ታሪክ ካልተገኘ አዘጋጁ «ፈተና ይፍጠር» ብለው ይመክራሉ። ውኃው ይደበቅበት፣ መንገዱ ይጥፋበት ነው ምሳሌያቸው። እንግዲህ ሁለት ጊዜ ፔዳል የረገጠው እኔ አታላይ ከሆንኩ፣ የተጠማን ሰው ውኃ የሚደብቀው ምን ሊባል ነው?

ሁለት ነገር ግን ተምሬያለሁ። ተመልካቹ ማወቅ አለበት የሚለው ትክክል ነው፤ ስለዚህ በአንድ ቦታ ላይ ስልኬን ላነሣ ወደ ካሜራው እየተንፈራጠጥኩ ስመለስ የሚታየውን አልቆረጥኩትም። ሌላው የአቅጣጫ ነገር ነው። ጸሐፊው «ጀማሪዎች የምስል ሰዋስው አያውቁም» ያሉት ለእኔ የተጻፈ ነው። በመጀመሪያው ቀን ስልኩን ባሰኘኝ የመንገድ ዳር እያቆምኩ ስለቀረጽኩ፣ በአንዱ ምስል ከግራ ወደ ቀኝ፣ በሚቀጥለው ከቀኝ ወደ ግራ እሄዳለሁ። ተከታትለው ሲታዩ ዕቃ ረስቶ ወደ ሐዋሳ የሚመለስ ሰው ነው የምመስለው። ከሁለተኛው ቀን ጀምሮ ሁልጊዜ በአንዱ ዳር ብቻ አቆምኩ፤ ሀላባና አርባ ምንጭ በቀኝ በኩል ሆኑ። አንዴ ደግሞ ስልኩን አንድ እረኛ ልጅ እንዲጠብቅልኝ ትቼ ሄድኩ፤ በዚያ ቀረጻ ላይ እኔ ስሄድም ስመለስም አልታይም፤ ሁለት ደቂቃ ሙሉ የሚታየው የልጁ አፍንጫ ነው። እሱም ፊልሙ ውስጥ አለ።

ታሪክ የለውም ለሚለው ብዙ አልመልስም። ፔዳል፣ ድንኳን፣ የፀሐይ መጥለቅ ብቻ የሆኑ ፊልሞች ሞልተዋል፤ እኔም አይቼ አዛግቻለሁ። ድክመታቸው ግን ተጓዡ ራሱን ታሪክ አድርጎ መቁጠሩ ነው። ብስክሌተኛው ካሜራውን የሚያደርስ ሰው ነው። ሀላባ ላይ በርበሬ መንገድ ዳር ተሰጥቶ ቀይ ምንጣፍ ሆኖ ነበር፤ ገና ከሩቅ ሽታው ጉሮሮዬን ያዘኝ፤ በቀረጻው ላይ ከማሳል በቀር አንድ ቃል አልናገርም። በርበሬውን የሚያገላብጡት ሴቶች አፋቸውን በሻሽ ሸፍነው በእኔ ሳል ይስቃሉ። አንደኛዋ «ገና ከሩቅ ነህ እኮ» ትላለች። በመኪና መስኮት የሚያልፍ ሰው ያንን በርበሬ ያየዋል። አያስለውም።

የፈረንጅ መዝናኛ ነው የሚለው ከሁሉም ያናደደኝ ነው፤ ስለዚህ ረጋ ብዬ ልናገር። ኢትዮጵያ ለመጀመሪያ ጊዜ በኦሊምፒክ ስትሳተፍ፣ እ.ኤ.አ. በ1956 ሜልቦርን ላይ፣ ከሯጮቿ ጋር ብስክሌተኞችም ልካለች። ፅጋቡ ግርማይ በ2016 ቱር ደ ፍራንስን፣ ታላቁን የፈረንሳይ የብስክሌት ውድድር፣ የተወዳደረ የመጀመሪያው ኢትዮጵያዊ ሆኗል። ሐዋሳን ደግሞ ማንም መጥቶ ይይ፤ ከተማዋ ሜዳ ናት፤ ጠዋት ወደ ሥራ፣ ማታ ወደ ሐይቁ ዳር በብስክሌት የሚሄደው ፈረንጅ አይደለም። አብዛኞቻችን ልጆች ሳለን ብስክሌት በደቂቃ ሒሳብ ተከራይተን፣ ሰዓቱ ሞልቶ አከራዩ እስኪጮህብን ድረስ ነድተናል። የጠፋው ብስክሌተኛው አይደለም፤ ርቆ ሄዶ የሚቀርጸው ነው። በእርግጥ የራስ ቁር ስላደረግኩ መንገድ ላይ እኔንም «ፈረንጅ! ፈረንጅ!» እያሉ የተከተሉኝ ልጆች ነበሩ። በአማርኛ ስመልስላቸው አንዱ «አማርኛ ይችላል!» ብሎ ለጓደኞቹ አበሰረ። ጸሐፊው በዚህች አንዲት ነገር ቢስቁብኝ አልቀየምም።

ድንጋዩን በተመለከተ ጸሐፊው ግማሽ እውነት ይዘዋል። አንዳንድ የውጭ ተጓዦች አንድ ወር ሙሉ ቡና ካጠጧቸው ሰዎች ይልቅ አንዲት ጠጠር የወረወረ ልጅ ላይ ረጅም ደቂቃ ያባክናሉ። መፍትሔው ግን ልጁን ከፊልሙ ማውጣት አይደለም። እኔም ተወርውሮብኛል። ከሶዶ በፊት ባለ አንድ ዳገት ላይ፣ በሰዓት ስድስት ኪሎ ሜትር ስንፏቀቅ፣ ድንጋይ የኋላ ሻንጣዬን መታው። ዘልዬ ወረድኩ፤ ልጆቹ እንሰቱ ውስጥ ገብተው ጠፉ። ስልኩ መሪው ላይ ታስሮ ስለነበር የቀረጸው አስፋልት ብቻ ነው፤ ድምፁ ግን ሁሉንም ይዟል፤ የድንጋዩን ምት፣ የሚሮጡ ባዶ እግሮችን፣ የእኔን ስድብ። ስድቡን ሳዳምጠው አፈርኩ። አንድ አባት ከቤታቸው ወጥተው «ይቅር በል ልጄ፣ ይቅር በል» እያሉ ሻንጣውን በእጃቸው ጠረጉልኝ፤ ወደ እንሰቱም ዞረው የአንዱን ልጅ አባት ስም እየጠሩ ዛቱ። ማን እንደወረወረው እስካሁን አላውቅም። ይህ አንድ ደቂቃ ከሃያ ሴኮንድ ነው፤ አስፋልት ብቻ እየታየ ሙሉውን ትቼዋለሁ። የማን ገጽታ እንደጎደፈ ተመልካቹ ይወስን፤ እኔ የእኔ ይመስለኛል።

ገንዘቡ ላይ አልከራከርም፤ የለም። ጀርመናዊው ሃይንዝ ሽቱከ እ.ኤ.አ. በ1962 ከአገሩ ወጥቶ ለአሥርት ዓመታት በብስክሌት ዓለምን ሲዞር የራሱን ፎቶግራፎችና ትንሽ መጽሔት እየሸጠ ነው የኖረው፤ 280 ኪሎ ሜትር ለሚነዳ ሰው ይህ መጽናኛ ይሁን አይሁን አላውቅም። የእኔ ጉዞ ያስወጣኝ ምግብ፣ አልጋና የቦዲቲው ጎሚስታ ነው። ካሳጣኝ ጋር ሳነጻጽረው፣ ማለትም ከሁለት ሠርግ ጋር፣ ጸሐፊው አሸንፈዋል።

የቀረው «ያለቀ ፊልም አምጡ» የሚለው ነው። 14 ሰዓቱን ቀረጻ በየምሽቱ፣ የሙሽሮቹን ሥራ ከጨረስኩ በኋላ፣ እየቆረጥኩ 48 ደቂቃ አድርሼዋለሁ። እናቴ አይታዋለች፤ የቦዲቲው ላይ ስትደርስ «ልጁ ጎበዝ ነው» አለች፤ ስልኩን የያዘውን ትሁን ጎማውን የያዘውን አልገባኝም። አላለቀም። ከሶዶ ወርጄ፣ ሁምቦን አልፌ፣ በአባያ ዳር ሙዝ በሚሸጡት ሰዎች መካከል ስነዳ ካርዱ ሞላ። አርባ ምንጭ ለመግባት ሁለት ሰዓት ያህል ቀርቶኝ ነበር። መንገድ ዳር ቁጭ ብዬ ምን ልሰርዝ ብዬ አንድ በአንድ ከፈትኩ፤ እንሰት የሚፍቁትን እናት፣ በርበሬውን፣ አረፋውን፣ የእረኛውን አፍንጫ። ስልኩን ኪሴ ከትቼ ተነሣሁ። ስለዚህ ፊልሜ አርባ ምንጭ አይደርስም፤ የሚያበቃው አንዲት ሙዝ ሻጭ «ሙሉውን ግንድ ውሰድ» ስትለኝና እኔ የት ልጫነው ብዬ ብስክሌቱን ዞሬ ስመለከት ነው።